ወባ ነው ወይስ የቀለም ቆሻሻ? ለጀማሪዋ ባልደረባችን

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለት ሦስቴ አነበብኩት። ባጭሩ እንዲህ ነው ያልሽው። ላብራቶሪ ከገባሽ ስድስት ወርሽ ነው። ወፍራሙን የደም ናሙና (ደሙ ስላይዱ ላይ ሳይሳሳ በጠብታ የተቀባውን) ስታዪ ሁሉም ነገር ነጠብጣብ ሆኖ ይታይሻል። አንቺ ነጋቲቭ ያልሽውን አለቃሽ ፖዚቲቭ ይለዋል። ፖዚቲቭ ያልሽውን ደግሞ «ቆሻሻ ነው» ብሎ ይመልስልሻል። ሁለቱን የወባ ዓይነቶች፣ ፋልሲፓረምንና ቫይቫክስን፣ መለየትማ ጭራሽ ዕጣ መጣል ሆኖብሻል። መጨረሻ ላይ «ችግሩ ዓይኔ ነው ወይስ ሥራው አይሆነኝም?» ብለሻል።

ዓይንሽ ምንም አልሆነም። እኔ ይህን ሥራ ከጀመርኩ አሥራ ስድስት ዓመት አለፈኝ፤ የመጀመሪያው ዓመቴ ካንቺ የባሰ ነበር። «መለየት አቃተኝ» የምንለው ነገር አብዛኛውን ጊዜ ማይክሮስኮፕ ላይ አይደለም የሚጀምረው። ደሙ ስላይዱ ላይ ሲያርፍና ሲቀለም ነው።

የራሴን ጉድ ልንገርሽ። አንድ ጠዋት ስምንት ስላይድ ተከታትሎ ፖዚቲቭ ሆነልኝ። እውነቱን ለመናገር ደስ አለኝ፣ «ዛሬ ገና ገባኝ» አልኩ። አብራኝ የምትሠራው ነባር ባለሙያ አንዱን አየችና ምንም ሳትናገር ባዶ ስላይድ አነሳች። ደም የሚባል ያልነካው ንጹሕ መስታወት ነው። በዚያው በኔ ቀለም ቀለመችው፣ አጠበችው፣ ሲደርቅ «እይ» አለችኝ። «ወባዎቼ» በሙሉ እዚያ ተደርድረዋል! ቀለሙ ከዋዜማው ተበጥብጦ ያደረ፣ ከላዩ ላይ ቅባት የመሰለ ነገር የያዘ ነበር። ይህችን ዘዴ ዛሬም እጠቀምባታለሁ። ቀለምሽን ከጠረጠርሽ ባዶ ስላይድ ቀልመሽ እዪ። አምስት ብር የማታስወጣ ፈተና ናት።

እንግዲህ ከጠብታው እንጀምር። ወፍራሙ ናሙና ስፋቱ ከ10 እስከ 12 ሚሊ ሜትር ቢሆን ይበቃል። ውፍረቱን ለማወቅ እርጥቡን ስላይድ የታተመ ጽሑፍ ላይ አድርጊው። ፊደሎቹ በደሙ ውስጥ እንደምንም የሚነበቡ ከሆነ ልክ ነው። ጭራሽ ካልታዩ ወፍራም ነው፣ ሲታጠብ ተላጦ ይሄዳል። ጥርት ብለው ከታዩ ደግሞ ስስ ነው፣ ወፍራም ናሙና የሠራሽበት ጥቅሙ ይቀራል። ስላይዱ ጠፍጣፋ ቦታ ላይ ተኝቶ ይድረቅ። ለማድረቅ ብለሽ እሳት ወይም መብራት አታስጠጊው፤ ሙቀት ደሙን ያጸናዋል። የጣቱ አልኮልም ሳይደርቅ ከወጋሽ ያው ነው።

ሰው በብዛት የሚሳሳተው ሜታኖል ላይ ነው። ስሱ ናሙና (ደሙ በስሱ ተስቦ የተነጠፈው) ደሙን እንዲያጸናው ሜታኖል የሚባለውን አልኮል ይፈልጋል፣ ወፍራሙ ግን ፈጽሞ መንካት የለበትም። ምክንያቱ ቀላል ነው። ወፍራሙ ላይ ቀይ የደም ሕዋሶቹ በቀለሙ ውሃ ፈንድተው እንዲጠፉ እንፈልጋለን። እነሱ ሲጠፉ ነጭ ሕዋሶች፣ ፕላትሌቶችና ፓራሳይቶች ብቻ ይቀራሉ። ሜታኖል ከነካቸው አይፈነዱም። ያኔ የምታዪው ድፍርስ ኩሬ ነው። ሁለቱም ናሙና አንድ ስላይድ ላይ ከሆነ ሜታኖሉ ወደ ወፍራሙ እንዳይፈስ ስሱን ወደ ታች አዘንብለሽ ያዢ። ከላይ እስከ ታች ድፍርስርስ ያለ ስላይድ ከገጠመሽ መጀመሪያ የምትጠረጥሪው ይህን ነው። ሳይቀለም ቀናት ያስቆጠረ ስላይድም በራሱ ጊዜ ስለሚጸና እንዲሁ ያደርጋል።

ቀለሙን በተመለከተ፣ ጊምሳ የሚባለውን የወባ ቀለም ከሆነ የምትጠቀሚው፣ ውሃው ነው ቁልፉ። ፒኤቹ (የአሲድነት ልኩ) 7.2 የሆነ በፈር፣ ማለትም ይህ ልኩ በቀላሉ የማይለዋወጥ ውሃ፣ ያስፈልግሻል። ውሃው አሲድ ከሆነ ስላይዱ ሁሉ ወደ ቀይ ያደላል፣ የፓራሳይቱ ሰማያዊ አካል ይደበዝዛል፣ ቫይቫክስን የሚያሳብቁት ሮዝ ነጠብጣቦችም አይወጡም። አንቺ «ነጠብጣብ የለውም፣ ስለዚህ ፋልሲፓረም» ትያለሽ፤ ጥፋቱ ግን የውሃው ነው። ለፈጣኑ አሠራር 10 በመቶ ቀለም ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ይበቃል። የተበጠበጠው ቀለም የዚያች ሰዓት ነው፤ የተረፈውን ድፊው። ዋናውን ጠርሙስ አትናጪው፣ ከሥሩ የተቀመጠው ዝቃጭ ይነሳብሻል። ስታጥቢም ቀለሙን ገልብጠሽ አትድፊ። በቀስታ ውሃ ጨምሪበትና ከላይ የሰፈፈው ተንሳፍፎ ይውጣ። ገልብጠሽ ከደፋሽው ያ ሰፈፍ ደሙ ላይ ይተኛል፣ የኔን ስምንት «ወባ» ትወልጂያለሽ።

አሁን ወደ ማይክሮስኮፑ። 100 ኤክሱን ሌንስ ከነኦይሉ አስገቢና ወባ መፈለግ አትጀምሪ። መጀመሪያ ነጭ የደም ሕዋስ ፈልጊ። ኒውክለሱ ደማቅ ወይን ጠጅ ሆኖ ጠርዙ ጥርት ብሏል? ጀርባውስ ንጹሕና ፈዘዝ ያለ ነው? አዎ ካልሽ ቀጥዪ። ነጭ ሕዋሱ ራሱ የደበዘዘ ወይም የጠቆረ ከሆነ ግን ያ ስላይድ ስለ ወባ ሊነግርሽ የሚችለው ነገር የለም። ድገሚው። እኔ ጀማሪ ሳለሁ በመጥፎ ስላይድ ላይ ግማሽ ሰዓት እፈጥ ነበር። ዛሬ አሥር ሰከንድ ነው የምሰጠው።

ፓራሳይት ለማለት ሁለት ቀለም ጎን ለጎን ማየት አለብሽ። አንዱ ቀይ ክሮማቲን (የኒውክለሱ ክፍል)፣ ሌላው ሰማያዊ ሳይቶፕላዝም (ቀሪው አካሉ)። ቀይ ነጥብ ብቻውን ወባ አይደለም። ሰማያዊ ጭረት ብቻውንም አይደለም። ወፍራሙ ላይ ደግሞ መጽሐፍ ላይ እንዳለው የተሟላ ቀለበት (የወጣቱ ፓራሳይት ቅርጽ) አትጠብቂ። ቀለበቱ ተሰብሮ ነጠላ ሰረዝ፣ ቃለ አጋኖ ወይም ክንፏን የዘረጋች ወፍ ይመስላል። እኔን ብዙ ያሳሳተኝ ይህ ነው፣ ቆንጆ ቀለበት ስፈልግ ስንቱን አልፌዋለሁ።

ቆሻሻን የምትለዪበት ትልቁ መሣሪያ በጣትሽ ሥር ያለው ነው። የማስተካከያውን ቁልፍ ወደፊትና ወደኋላ አዙሪ። ፓራሳይቱ ከነጭ ሕዋሱ ጋር አብሮ ይጠራል፣ አብሮ ይደበዝዛል። የቀለም ዝቃጭ አብዛኛውን ጊዜ ከላይ ነው የተቀመጠው። እሱ ሲጠራ ሕዋሱ ይደበዝዛል፣ ቁልፉን ስታዞሪም ጥቁር ሆኖ ያብረቀርቃል። ፕላትሌት ደግሞ ሌላው አሳሳች ነው። ቀለሙ ሮዝና ወይን ጠጅ የተቀላቀለበት፣ ሸካራ፣ ቀዩና ሰማያዊው ድንበር የሌለው ነገር ነው። ብዙ ጊዜም ተሰብስቦ ይገኛል። ስሱ ናሙና ላይ ቀይ ሕዋስ ላይ ጉብ ካለ ዙሪያው ነጣ ያለ ክብ ይኖረዋል፤ ልክ ወባ ይመስላል። አንድ ብቻ የሚያጠራጥር ነገር ካየሽ ውሳኔ አትስጪ። ሁለተኛና ሦስተኛውን ፈልጊ። ወባ ካለ ጓደኛ አያጣም።

ስለ ጥቁር ቡናማው ፒግመንት አንድ ነገር ልጨምር፣ ብዙዎች ይንቁታል። ይህ ፓራሳይቱ ሄሞግሎቢን በልቶ የሚተወው ትርፍ ነው፤ ቀለሙ የራሱ ነው እንጂ ከጊምሳ የመጣ አይደለም። ፈረንሳዊው ሐኪም ላቬራን እ.ኤ.አ. በ1880 አልጄሪያ ውስጥ ፓራሳይቱን ለመጀመሪያ ጊዜ ያየው ያልተቀለመ ደም ላይ ነው። ይከታተል የነበረውም ይህንኑ ፒግመንት ነበር። ጀርመናዊው ኬሚስት ጊምሳ በስሙ የሚጠራውን ቀለም ያስተዋወቀው ከዚያ ሃያ ዓመት አልፎ፣ በ1904 ነው። እኛ ቀለም ይዘን እናማርራለን! ፒግመንት ነጭ ሕዋስ ውስጥ ካየሽ ፓራሳይት ባታገኚም ስላይዱን ቶሎ አትልቀቂው።

ዓይነቱን ለመለየት ወደ ስሱ ናሙና ሂጂ። የምትመለከቺው ጭራውን ነው፣ ቀይ ሕዋሶቹ ሳይደራረቡ በነጠላ የተነጠፉበትን። እዚያ ፓራሳይቱን ከማየትሽ በፊት ቤቱን እዪ። የተያዘው ቀይ ሕዋስ ካልተያዙት ጎረቤቶቹ ጋር ሲነጻጸር ተልቋል ወይስ እኩል ነው? ቫይቫክስ ወጣት ቀይ ሕዋሶችን ስለሚመርጥ ቤቱ ትልቅ ነው፣ ውስጡም ሮዝ የሹፍነር ነጠብጣብ ይረጭበታል። ፓራሳይቱ ራሱ ቅርጽ የለሽ፣ የተቀዳደደ ጨርቅ መሳይ ነው። ፋልሲፓረም ቤቱን አያሳድግም። ቀለበቱ ቀጭንና ትንሽ ነው። አንድ ሕዋስ ውስጥ ሁለት ሦስት ሆኖ ይገባል፣ ሁለት ክሮማቲን ያለው ቀለበት ይበዛዋል፣ አንዳንዱም ጠርዝ ላይ ተለጥፎ ይገኛል።

ሁለተኛው ጥያቄ «ማን ማን አለ?» የሚለው ነው። ለኔ ከሁሉም የጠቀመኝ ይህ ነው። የፋልሲፓረም ጎልማሶች በትናንሽ የደም ሥሮች ግድግዳ ላይ ተጣብቀው ስለሚደበቁ ከጣት በሚወሰድ ደም ላይ እምብዛም አይታዩም። ስለዚህ ስላይዱ ሁሉ ትናንሽ ቀለበት ብቻ ከሆነ፣ ወይም ቀለበትና ሙዝ የመሰለ ጋሜቶሳይት (ወደ ትንኝ የሚተላለፈው የፓራሳይቱ መልክ) ካለ፣ ሐሳብሽ ወደ ፋልሲፓረም ይሂድ። ሙዙን ካየሽማ ክርክር የለም። ቀለበት፣ ጎልማሳ፣ ሺዞንት (ለመባዛት የተከፋፈለ ፓራሳይት) እና ክብ ጋሜቶሳይት ተቀላቅለው አንድ ላይ ካሉ ግን ቫይቫክስን አስቢ። የቫይቫክስ ሺዞንት ከ12 እስከ 24 ሜሮዞይት (ልጆቹን) ይይዛል። አንዱን ቀለበት ብቻ ይዘሽ ልፍረድ ካልሽ ትሳሳቻለሽ። እኔም ዛሬ ድረስ በአንድ ቀለበት አልፈርድም።

ሌሎች የወባ ዓይነቶችም አሉ። ማላሪኤ ቤቱ እኩል ወይም ያነሰ ነው፣ ፓራሳይቱ እንደ ቀበቶ ሕዋሱን አቋርጦ ይተኛል። ኦቫሌ ቫይቫክስን ይመስላል፣ ግን ሕዋሱ ሞላላና ጠርዙ የተበጣጠሰ ይሆናል። ደቡብ ምሥራቅ እስያ የተጓዘ ሰው ደም ላይ ማላሪኤ የመሰለ ነገር በብዛት ካየሽ ኖውሌሲ የሚባለው ሌላ ዓይነት ሊሆን ይችላል፤ በማይክሮስኮፕ ብቻ ማረጋገጥ አይቻልም። አንዱን ዓይነት አገኘሁ ብለሽም አታቁሚ። ቫይቫክሱ ጀርባ ፋልሲፓረም ተደብቆ ሊኖር ይችላል።

ቆጠራው ላይ «አንድ ፕላስ፣ ሁለት ፕላስ» እየተባለ የሚጻፈውን ተዪው፣ ለሐኪሙ የሚነግረው ነገር ትንሽ ነው። ወፍራሙ ላይ ነጭ ሕዋስና ፓራሳይት ጎን ለጎን ቁጠሪ። 200 ነጭ ሕዋስ ስትደርሺ ፓራሳይቱ 100 ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ አቁሚ። ካነሰ እስከ 500 ነጭ ሕዋስ ቀጥዪ። በጣም በዝቶ 200 ሳትደርሺ 500 ፓራሳይት ከሞላ የያዝሽውን ፊልድ (በሌንሱ በአንድ ጊዜ የሚታየውን ክብ) ጨርሰሽ ተዪው። ከዚያ ፓራሳይቱን በ8,000 (በአንድ ማይክሮ ሊትር ደም ይኖራል ተብሎ በሚገመተው የነጭ ሕዋስ ቁጥር) አባዝተሽ በቆጠርሻቸው ነጭ ሕዋሶች አካፍዪ። ለምሳሌ በ200 ነጭ ሕዋስ 150 ፓራሳይት ካገኘሽ 6,000 በማይክሮ ሊትር ነው። የታካሚው ትክክለኛ የነጭ ሕዋስ ቁጥር ካለሽ በ8,000 ፋንታ እሱን ተጠቀሚ። የፋልሲፓረም ጋሜቶሳይት እዚህ ሒሳብ ውስጥ አይገባም፣ ለብቻው ይጻፋል። ሕክምና ወስዶ የዳነ ሰው ደም ላይ ሳምንታት ሊቆይ ስለሚችል «መድኃኒቱ አልሠራም» አሰኝቶ ያሳስታል።

ነጋቲቭ ለማለት ደግሞ ቢያንስ 100 ፊልድ። ይህን የምለው ተሳስቼ ስላየሁት ነው። ወረፋ በበዛበት አንድ ከሰዓት ሠላሳ ያህል ፊልድ አይቼ ነጋቲቭ ብዬ የላክሁት ሰው በማግሥቱ ተዝለፍልፎ መጣ። የትናንቱን ስላይድ አውጥቼ እንደገና አየሁት። ፓራሳይቱ እዚያው ነበር፣ ስልሳ ምናምነኛው ፊልድ ላይ። ሰውየው ዳነ፣ እኔ ግን ብዙ ሌሊት አልተኛሁም። መቶውንም አይተሽ ባታገኚ የምትጽፊው «አልታየም» ነው። ምልክቱ ከቀጠለ በ12 ሰዓት ገደማ ልዩነት ደም ይደገም፤ ትናንት የተደበቀው ዛሬ ሊወጣ ይችላል።

ከአለቃሽ ጋር ያለው ነገር ይቀራል። ጭቅጭቁን በቃል አታድርጊው። የተለያያችሁበትን ስላይድ ቁጥር ብቻ ጽፈሽበት ውጤቱን ለማያውቅ ሦስተኛ ሰው ስጪ። አለቃሽም ሁሌ ትክክል ላይሆን ይችላል፣ አንቺም ሁሌ ስህተት ላትሆኚ ትችያለሽ። ዓይነቱ ካልተለየልሽ ደግሞ ዕጣ አትጣዪ። «ፓራሳይት አለ፣ ፋልሲፓረም አይደለም ማለት አልተቻለም» ብለሽ ለሐኪሙ ንገሪው። ፋልሲፓረም በሰዓታት ውስጥ ሰው ሊጥል ይችላል። ቫይቫክስ ደግሞ ጉበት ውስጥ ተኝቶ የሚቆየው ፓራሳይት ተጨማሪ መድኃኒት ይፈልጋል። ስለዚህ ግምትሽን እውነት አስመስለሽ አትጻፊው።

ቀጥሎ ያስቸገረሽን ስላይድ በስልክሽ በዓይነ ሌንሱ በኩል አንሺና እዚህ ለጥፊው። የታካሚው ስም እንዳይታይ ብቻ ተጠንቀቂ። ያንኑ ቦታ ቁልፉን እያዞርሽ ሦስት ጊዜ አንሺልኝ፣ አንድ ነጭ ሕዋስም ፎቶው ውስጥ ይግባ። እሱ ከሌለበት እኔም እንዳንቺው ነው የምገምተው።