ይርጋ ያለፈበት ዕዳ፦ ግፍ ነው ወይስ መብት?

ጥያቄ

ጤና ይስጥልኝ። የምጽፍላችሁ ከባሕር ዳር ነው። አባቴ ከብዙ ዓመት በፊት ለአንድ ወዳጁ ገንዘብ አበድሮ ነበር። ሰውየው ወደ ዘጌ እንግዳ የሚያመላልስበት የሞተር ጀልባ ሊገዛ ነው የተበደረው። ውል አለ። ሁለት ምስክሮች የፈረሙበት፣ በፌስታል ተጠቅልሎ አባቴ ሣጥን ውስጥ የተቀመጠ አንድ ቅጠል ወረቀት ነው። ጀልባው ሠራ፤ ሰውየውም ቤት ገነባበት። አባቴ «ሲመቸው ይሰጠኛል» እያለ ሳይጠይቀው ዓመታት አለፉ። አሁን ጡረታው አልበቃው ሲል ቢጠይቀው «ጋሼ፣ እሱ እኮ ይርጋ፣ ማለት በሕግ የሚጠየቅበት ጊዜ፣ አልፎታል፤ ሕግ ነፃ አውጥቶኛል» አለው። አባቴ የሚለው አንድ ነገር ነው፤ «ግፍ ነው።» ሕግ የተማረው ወንድሜ ደግሞ «ግፍ የሚባል አንቀጽ የለም፤ ፍትሕ ማለት የተጻፈው ሕግ ነው፤ ሌላው ስሜት ነው» ይላል። እኔ ዩኒቨርሲቲ ሳለሁ ስለ ተፈጥሮ ሕግ፣ ሰው ሳይጽፈው በአእምሮ ይታወቃል ስለሚባለው ሕግ፣ ትንሽ ተምሬ ነበር። ከተጻፈው ሕግ በላይ ፍትሕ የሚባል ነገር በእርግጥ አለ? ለአባቴስ ምን ልበለው?

ግራ የገባት ልጅ፣ ከባሕር ዳር

መልስ

እህቴ፣ አለ። ወንድምሽም ግን ዝም ብሎ አልተናገረም፤ ስለዚህ ከእሱ ልጀምር።

በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በአንቀጽ 1845 ላይ ከውል የሚነሣ ጥያቄ፣ ሕጉ ሌላ ጊዜ ካልወሰነለት በቀር፣ በ10 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል ይላል። ይህ ለባለዕዳ ለማዳላት የተጻፈ አይደለም። ምስክር ይሞታል። ወረቀት ይጠፋል። ዕዳውን በወጉ ከፍሎ ደረሰኙን የጣለ ሰው፣ ከስንት ዘመን በኋላ የአበዳሪው የልጅ ልጅ መጥቶ «አምጣ» ቢለው በምን ይከላከላል? ይርጋ የተበጀው እንዲህ ላለው ሰው ነው። «ይርጋ ራሱ ግፍ ነው» የሚል ካለ እኔ አልስማማም።

የተፈጥሮ ሕግ አሳቢዎቹም አይስማሙም። በ13ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው የካቶሊክ ሊቅ ቶማስ አኲናስ ሰው የሚያወጣው ሕግ ከተፈጥሮ ሕግ የሚመነጨው በሁለት መንገድ ነው ይላል። አንዱ በቀጥታ ነው፤ «ማንንም አትጉዳ» ካልን «አትግደል» ከዚያው ይከተላል። ሌላው በመወሰን ነው፤ አጥፊ ይቀጣ የሚለው ከተፈጥሮ ነው፣ ቅጣቱ ምን ያህል ይሁን የሚለውን ግን ሕግ አውጪው ይቆርጠዋል። «የተበደርከውን መልስ» ከመጀመሪያው ወገን ነው። 10 ዓመት የሚለው ከሁለተኛው ነው፤ 8 ቢሆን 15 ቢሆን ማንም አልተበደለም።

አሁን ወንድምሽ አንቀጽ 1856ን ደግሞ ያንብበው። ዳኛው በራሱ ተነሣሥቶ «ይርጋ አልፏል» ብሎ ክሱን አይጥልም። ባለዕዳው ራሱ አፉን ከፍቶ ይህን መቃወሚያ ማንሣት አለበት። ካላነሣ ክርክሩ ይቀጥላል። እስቲ ይህን ረጋ ብለሽ አስቢው። ሕጉ ለሰውየው መከራከሪያ ሰጥቶታል፤ ይጠቀምበት አይጠቀምበት የሚለውን ግን ለራሱ ትቶለታል። ገንዘቡን መቀበሉን ያውቃል። አለመክፈሉንም ያውቃል። ጀልባውን በየቀኑ ያየዋል። እንዲህ እያወቀ «ይርጋ» ሲል የሚናገረው እሱ ራሱ ነው፤ «ሕግ ነፃ አውጥቶኛል» ብሎ ጥፋቱን በሕግ ላይ ማላከኩን ነው እኔ የማልቀበለው። አባትሽ ግፍ ያሉት ይህን ይመስለኛል፤ ልክ ናቸው።

ዘዴው አዲስ አይደለም። የሮማው ፈላስፋና ጠበቃ ሲሴሮ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ44 ዓመት ስለ ሰው ግዴታ በጻፈው መጽሐፍ አንድ የጦር አለቃ ያነሣል። ሰውየው ከጠላቱ ጋር ለ30 ቀን ውጊያ ለማቆም ተስማማ። ከዚያ ሌሊት ሌሊት እየወጣ የጠላቱን ማሳ ያወድም ጀመር። ምክንያቱ ምን መሰለሽ? የተስማማነው ስለ ቀን ነው እንጂ ስለ ሌሊት አይደለም ነው። የውሉን ቃል ካየን ነጥብ አልጣሰም። ሲሴሮ ግን ይህን በሕግ ስም የሚሠራ ግፍ ብሎ ነው ያስቀመጠው። በሌላ ሥራው ደግሞ እውነተኛ ሕግ ከተፈጥሮ ጋር የሚስማማ ቀና አእምሮ ነው፣ በሮም አንድ በአቴና ሌላ አይሆንም ይላል።

ለአባትሽ ሲሴሮን መጥቀስ አያስፈልግሽም። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ትምህርት ሕገ ልቦና፣ ሕገ ኦሪት፣ ሕገ ወንጌል የሚለው ተራ የታወቀ ነው፤ ከሙሴ በፊት፣ ሕግ በጽላት ሳይጻፍ፣ ሰው በልቡ በታተመው ሕግ ይመራ ነበር። «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» የሚለውንም ከእኔ ይልቅ እሳቸው ያውቁታል።

ከባዱ ጥያቄ ሌላ ነው። ተፈጥሮ ምን እንደሚል ማን ይወስናል? ወንድምሽ በዚህ ቢይዝሽ በቀላሉ አትለቀቂም። የግሪኩ ፈላስፋ አርስቶትል እውነተኛ ፍትሕ በየትም ቦታ ያው ጉልበት አለው ብሎ አስተምሯል፤ እሱው ራሱ ደግሞ ሰው በተፈጥሮው ባሪያ ሆኖ ሊወለድ ይችላል ብሏል። የጌቶቹን ጥቅም «ተፈጥሮ» ብሎ ጠራው። ስለዚህ ይህን ስም የጠራ ሁሉ አይታመንም።

የእኛውን ፍትሐ ነገሥት እይ። በ13ኛው ክፍለ ዘመን ኢብን አል-አሳል የተባለ የግብጽ ሊቅ በዐረብኛ ያዘጋጀው፣ ኋላ ወደ ግእዝ የተመለሰ፣ አገራችን ለዘመናት የተዳኘችበት መጽሐፍ ነው። ስለ ባርነት ሲናገር ነፃነት ከልቡና ሕግ ጋር ይስማማል፣ ሰው ሁሉ በተፈጥሮ ነፃነትን ይጋራል ይላል። ወዲያው ቀጥሎ ግን ጦርነትና የፈረስ ጉልበት አንዱን የሌላው አገልጋይ ያደርጉታል፣ የድል ሕግ ተሸናፊውን ለአሸናፊው ባሪያ ያደርገዋል ይላል። ሁለቱም በአንድ ገጽ! ባርነት በአዋጅ ሙሉ በሙሉ የተሻረው በ1934 ነው። እስከዚያ ድረስ የመጀመሪያውን ያነበበ ሰው በሁለተኛው መፍረድ ይችል ነበር። እኔን በጣም የሚያሳዝነኝ ይህ ነው፤ እውነቱ ተጽፎ፣ ታውቆ፣ ከጎኑ በቆመ ልዩ ሁኔታ ሲሻር።

ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር ስትሄጂ እንፍራዝን ታልፊያለሽ። «ሐተታ ዘርዐ ያዕቆብ» በሚባለው የፍልስፍና መጽሐፍ እንደተጻፈው ፈላስፋው ዘርዐ ያዕቆብ (ንጉሡ አይደለም) ከተሸሸገበት ዋሻ ከወጣ በኋላ የኖረው እዚያ ነው፤ ሀብቱ በሚባል ባለጸጋ ቤት። ሐተታውን ማን ጻፈው የሚለው ያከራክራል፤ ጣሊያናዊው ምሁር ኮንቲ ሮሲኒ እ.ኤ.አ. በ1920 የጻፈው ሚሲዮናዊው ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው ብሏል፣ ክርክሩም ዛሬም አልተቋጨም። ማንም ይጻፈው፣ አንድ ቦታ ላይ ቆም በይ። ዘርዐ ያዕቆብ የቤቱን አገልጋይ ኂሩትን ለማግባት ጌታዋን ይጠይቃል። ጌታዋ ከእንግዲህ የአንተ አገልጋይ ትሁን ይለዋል። እሱ እንቢ ይላል። አገልጋይ አልፈልግም፣ ሚስት ነው የምፈልገው፣ ባልና ሚስት በጋብቻ እኩል ናቸው ይላል። በዘመኑ ልማድ የተሰጠውን መብት መለሰ።

እኔ የምመዝነው በዚህ ነው። ተፈጥሮን የጠራው ሰው ሊያገኝ ነው ወይስ ሊለቅ? አባትሽን በዚሁ ሚዛን አስቀምጪያቸው፤ ገንዘቡ የሚመለሰው ለእሳቸው ነውና። የተበደሩት እሳቸው ቢሆኑ፣ ከ10 ዓመት በኋላ ይከፍሉ ነበር ወይ? ይህን ከእኔ በላይ የምታውቂው አንቺ ነሽ። ከተጠራጠርሽ ጠይቂያቸው፤ የሚከፉ አይመስለኝም።

አሁን ወደ ሥራው። አንደኛ፣ ይርጋው ማለፉን ዝም ብላችሁ አትመኑ። የሚቆጠረው ዕዳው መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ ነው። በአንቀጽ 1851 መሠረት ደግሞ ባለዕዳው ዕዳውን ካመነ፣ ለምሳሌ ጥቂት እንኳ ከከፈለ ወይም ወለድ ከሰጠ፣ ይርጋው ይቋረጣል፤ ቆጠራውም እንደ አዲስ ይጀምራል። በመሃል አንድ ዓመት በዓል «ለጊዜው ይቺን ያዝ» ብሎ የሰጣቸው ነገር የለም? በጽሑፍ የላከው መልእክትስ? ይህን ይዛችሁ ጠበቃ አማክሩ።

ሁለተኛ፣ ሽማግሌ ላኩ። የጊዮርጊስ አጥቢያ ሰዎች ከሆኑ ሁለቱንም የሚያውቅ ካህን ወይም አዛውንት አይጠፋም። ከምስክሮቹ በሕይወት ያለ ካለ አብሮ ይሂድ። ሽማግሌ በይርጋ አይታሰርም። ስለ ዓመት አይከራከሩ፤ «ተቀብለሃል? ከፍለሃል?» ብለው ብቻ ይጠይቁት። በየሻይ ቤቱ ስሙን አታንሡ፤ ሰው ከተዋረደ በኋላ ልቡ ይደነድናል። በአንድ ጊዜ መክፈል ካልቻለ በየወሩ ይክፈል፤ የተስማማችሁበትን ግን አስፈርሙት።

ውሉንም ኮፒ አድርጊው። ዋናውን ለማንም አትስጪ።