የአባትሽ ሰዓት ለምን ይሮጣል?

አንዲት አንባቢ እንዲህ ብላ ጽፋልኛለች፦ «ጋሼ፣ የአባቴ የእጅ ሰዓት ነው። ባትሪ የለውም፣ በእጅ ነው የሚሞላው። አርባውን ካወጣን በኋላ ለእኔ ደረሰኝ። አንድ ወር ልክ ሄደ። አሁን ግን በቀን 20 ደቂቃ ይቀድማል። እናቴ ምልክት ነው ብላ ፈርታለች። ወንድሜ ደግሞ ውስጡ የሆነ ነገር ተቀብቷል ይላል። ሰዓት ሠሪ ዘንድ ብወስደው ‹አዘገየዋለሁ› አለኝ። ልስጠው?»

እህቴ፣ ቆዪ፣ አትስጪው። ያባት ዕቃ ሲበላሽ ሆድ ያባባል፤ ይገባኛል። እናትሽን ግን አጽናኚልኝ። ይሄ የሚድን ነገር ነው።

ሰዓት ሲያረጅ ብዙ ጊዜ ወደ ኋላ ይቀራል። ዘይቱ ይደርቃል፣ አቧራ ይገባዋል፣ ጉልበቱ ያልቃል። ልክ የነበረ ሰዓት ድንገት ይህን ያህል ከቀደመ፣ እኔ መጀመሪያ የምጠረጥረው ማግኔትን ነው።

ጀርባው ሲከፈት ወዲያና ወዲህ የምትወዛወዝ ትንሽ ጎማ አለች። ባላንስ እንላታለን። መሃሏ ላይ ከፀጉር የማትወፍር ስፕሪንግ ተጠቅልላለች። ጊዜውን የምትይዘው እሷ ናት። ስትከፈትና ስትዘጋ የተኛ ሕፃን ደረት ትመስላለች። በብዙ የድሮ ሰዓቶች ባላንሷ በሰዓት 18,000 ጊዜ፣ በሰከንድ 5 ጊዜ ማለት ነው፣ ትመታለች። ስፕሪንጓን ማግኔት ሲይዛት ጥቅልሎቿ እርስ በርስ ይጣበቃሉ። ያን ጊዜ ያጠረች ያህል ትሆናለች። ያጠረ ስፕሪንግ ደግሞ ቶሎ ቶሎ ይመታል። ያንቺ 20 ደቂቃ ሲሰላ በየሰዓቱ 250 ትርፍ ምት ነው።

ማግኔቱ ከስልክ ሽፋን፣ ከቦርሳ መዝጊያ ወይም ከስፒከር ሊመጣ ይችላል። ማታ የት እንደምታስቀምጪው አስቢ። የባትሪ ሰዓት ማግኔት አጠገብ ቢቆም እንኳ ስታርቂው አብዛኛውን ጊዜ ይቀጥላል። የሚሞላው ግን ማግኔቱን ይዞ ይቀራል። ዛሬ ስፕሪንጋቸው ከሲሊኮን የተሠራ ሰዓቶች አሉ፤ ስፕሪንጋቸውን ማግኔት አይነካውም። ያባትሽ ዘመን ሰዓት ይህ ዕድል አልነበረውም።

መጀመሪያ መርፌ ያለው ተራ ኮምፓስ ፈልጊ። ጠረጴዛ ላይ አስቀምጪና ሰዓቱን አጠገቡ ቀስ እያልሽ አዙሪው። መርፌው ትንሽ ቢሳብ ብቻውን ማስረጃ አይሆንም፣ ብረት ሁሉ ይስበዋል። የሰዓቱ አንድ ጎን ስቦ ሌላው ጎን ከገፋው ግን ማግኔት ይዞታል።

ማውጣቱ የደቂቃ ሥራ ነው። ማግኔት ማውጫ መሣሪያ ያለው ባለሙያ ፈልጊና አጠገቡ ቁሚ። ሰዓቱን መሣሪያው ላይ አድርጎ የመሣሪያውን ቁልፍ ይጫናል፤ ቁልፉን እንደተጫነ ሰዓቱን ቀስ ብሎ አንድ ክንድ ያህል ያርቀዋል፤ ከዚያ በኋላ ነው ቁልፉን የሚለቀው። ሰዓቱ ሳይርቅ ቁልፉን ከለቀቀው ማግኔቱ እንደገና ሊይዘው ይችላል።

ያኛው ሰው ‹አዘገየዋለሁ› ያለው ባላንሷ አጠገብ ያለችውን ማስተካከያ ገፍቶ ነው። እኔም በጀማሪነቴ አድርጌዋለሁ። ማግኔቱን ሳልመረምር የአንድ አዛውንትን ሰዓት አዘገየሁት። ማግኔቱ በኋላ ሲወጣ ሰዓቱ ወደ ኋላ መቅረት ጀመረ። እሳቸው ሁለት ጊዜ ተመላለሱ፣ እኔም ከባዶ ማስተካከል ነበረብኝ። ከዚያ ወዲህ ኮምፓስ ከጠረጴዛዬ አይለይም።

ማግኔት ካልተገኘበትስ? ያኔ የወንድምሽ ጥርጣሬ ከእውነት አይርቅም። ዘይት ከቦታው ወጥቶ ስፕሪንጓ ላይ ሲደርስ ጥቅልሎቹን ያጣብቃል፤ ሰዓቱም ልክ እንደዚሁ ይሮጣል። መውደቅም ስፕሪንጓን ሊያጣምም ይችላል። ባለሙያው በሉፕ፣ ማለትም በማጉያ መነጽር፣ አይቶ፣ በወረንጦ ፈትቶ ማጠብ አለበት። ‹ትንሽ ዘይት ልጨምርበት› ካለሽ ሰዓትሽን ይዘሽ ውጪ።

ማግኔቱ ከወጣ በኋላ ጠዋት ሙይው፣ በስልክሽ ሰዓት ልክ አድርጊው፣ በነጋታው በዚያው ሰዓት ልዩነቱን መዝግቢ። ሦስት ቀን እንዲህ አድርጊና ቁጥሮቹን ላኪልኝ። ማታ ማታ ደግሞ ከስልኩ አርቀሽ፣ የእንጨት መሳቢያ ውስጥ አሳድሪው።