ድምፁ ከከንፈር ወደ ኋላ ሲቀር

አጭር ፊልም በማዘጋጀት ላይ ያሉ አንድ ጀማሪ ኤዲተር እንዲህ ሲሉ ጠይቀውኛል፦ «እናትና ልጅ ቡና ላይ ሆነው የሚነጋገሩበትን የ12 ደቂቃ ትዕይንት ሳናቋርጥ በስልክ ቀረጽን፤ ድምፁን ለብቻው በሪከርደር ወሰድን። በክላፑ (ምስልና ድምፅን ለማግጠም ቀረጻው ሲጀምር በሚመታው ሰሌዳ) ሳገጥመው መጀመሪያው ልክ ነው፤ እየቆየ ግን ድምፁ ከከንፈር ወደ ኋላ ይቀራል። ቆርጬ ባስጠጋውም ዳግም ይዛባል። ግማሹን ኤዲት አድርጌዋለሁ። ምን ይሻለኛል?»

ከሁሉ አስቀድመው ድምፁን እየቆረጡ ማስጠጋቱን ያቁሙ፤ መንስኤው ሳይነካ በየካቱ መካከል ትንሽ ትንሽ ልዩነት ይቀራልና። ሙሉውን ቀረጻ ሳይቆራረጥ በአዲስ ታይምላይን (በኤዲቲንግ ፕሮግራሙ ምስልና ድምፅ በሚደረደሩበት መስመር) ላይ አስቀምጠው በክላፑ ያግጥሙት። ከዚያም ከንፈር ከንፈርን የሚነካባቸውን ድምፆች፣ «መ»ንና «በ»ን፣ ይፈልጉ፤ ልጁ «እማማ» ሲል ከንፈሩ የገጠመበት ፍሬም (ቪዲዮው ከተሠራባቸው ነጠላ ምስሎች አንዱ) ቁልጭ ብሎ ይታያል፣ «ሀ» እና «ለ» ግን ያሳስታሉ። በ6ኛውና በ12ኛው ደቂቃ አካባቢ ያለውን ልዩነት በፍሬም ቆጥረው ይጻፉት።

የኋለኛው የፊተኛው እጥፍ ከሆነ ችግሩ ብዙውን ጊዜ የፍሬምሬት (በሰከንድ የሚታየው የፍሬም ብዛት) አለመጣጣም ነው፦ በሰከንድ 29.97 ፍሬም የተቀረጸ ምስል እንደ 30 ሲቆጠር በ12 ደቂቃ ውስጥ 0.72 ሰከንድ፣ ማለትም 22 ፍሬም ገደማ፣ ከድምፁ ይቀድማል። ለዚህ በክሊፑ ቅንብር ውስጥ ትክክለኛውን ፍሬምሬት መስጠት ይበቃል። ልዩነቱ በዝላይ የሚያድግ ከሆነ ግን፣ የእኔም ጥርጣሬ ወደዚህ ያደላል፣ ስልኩ የፍሬሙን ብዛት እየቀያየረ ቀርጿል፤ ብዙ ስልኮች ብርሃን ሲያንሳቸው እንዲህ ያደርጋሉ። የስልኩ የራሱ ድምፅም ከከንፈሩ እየራቀ ከሄደ ጥፋቱ የሪከርደሩ አይደለም።

መፍትሔው ዋናውን ፋይል ሳይነኩ፣ በነጻ በሚገኘው ሃንድብሬክ በተባለ የቪዲዮ መቀየሪያ ፕሮግራም ኮንስታንት (የማይቀያየር) ፍሬምሬትን መርጠው በ30 ፍሬም አዲስ ቅጂ ማውጣት ነው፤ የጥራቱ ቁጥር (RF) ዝቅ ባለ መጠን ምስሉ የተሻለ እንደሚሆን ልብ ይበሉ። በክላፑ ካገጠሙት በኋላ የ12ኛው ደቂቃ «እማማ» ልክ ከመጣ ተሳክቷል።

የሠሩትን ግማሽ ኤዲት ግን በሪሊንክ (አሮጌውን ፋይል በአዲሱ ቅጂ በመተካት) ብቻ አምነው አይተዉት፤ ካቶቹ በጥቂት ፍሬም ሊንሸራተቱ ይችላሉ። በተለይ እናትየዋ መልስ ከመስጠቷ በፊት ዝም የምትልበትን ቦታ ሁሉ እንደገና ይመልከቱ። የዝምታውን ርዝመት የወሰኑት በተዛባ ድምፅ ስለነበር፣ አሁን ወይ ረዝሞ ወይ አጥሮ ያገኙታል፤ በእንዲህ ያለ ትዕይንት ከሌላው ካት ሁሉ ይልቅ እኔ የምጨነቅለት ለዚህ ነው።

ለቀጣዩ ቀረጻ ፍሬምሬትን የሚቆልፍ የካሜራ መተግበሪያ ይጠቀሙ። የኢትዮጵያ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ በ25 ፍሬም፣ ሹተሩን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ አድርጎ መቅረጽ መብራቱ እንዳይርገበገብ ይረዳል። ሪከርደሩን 48 ኪሎኸርዝ ላይ ያድርጉት፤ በረጅም ቴክ (ሳይቋረጥ በሚቀረጽ አንድ ቀረጻ) መጨረሻም ክላፑን ገልብጠው አንድ ጊዜ ያስመቱ።