ባልሽን አንቺ አትጠይቂው

«ጋዜጠኛ ነኝ፤ ባሌ ታዋቂ የሮክ ድምፃዊ ነው። ደብረ ብርሃን ኮንሰርት ስላለው አለቃዬ ቃለ መጠይቅ አድርጊለት አለኝ» ላልሽው፦ እንዳታደርጊው።

ዛሬውኑ «ባለቤቴ ስለሆነ ሥራው ለሌላ ባልደረባ ይሰጥልኝ» ብለሽ በጽሑፍ አሳውቂ። በቃል ከሆነ ነገ «መች ነገርሽኝ» ይመጣል። ጥያቄዎቹን አስቀድመሽ አትይ፤ የቃለ መጠይቁ ቅንብር ጋም ድርሽ አትበይ። ሰው ከጠፋ አዲስ አበባ 130 ኪሎ ሜትር ነው፣ ከዚያ ይምጣ።

ደግሞ የቤት ወሬ ቢሮ አታስገቢ። የኔም ባል ጊታር ተጫዋች ነው። አንዴ ከባልደረቦቼ ጋር ቡና ስንጠጣ «ባንዱ ሊበተን ነው መሰለኝ» አልኩ፣ እንደ ቀልድ። ማታ እራት ላይ ሬዲዮው ወሬውን ይዞት መጣ። ጉርሻው እጁ ላይ ቀረ። ሳምንት ሙሉ አኮረፈኝ፣ በዚያ በደብረ ብርሃን ብርድ።