ከዛራ መሥራች ሕይወት ፒያሳ ላይ ለሚከፈት ልብስ ቤት ምን ይወሰዳል?

ሰላም እህቴ። ፒያሳ ላይ የሴቶች ልብስ ቤት ልትከፍቺ 600 ሺህ ብር እንዳለሽ ጽፈሽ፣ «የዛራው አማንሲዮ ኦርቴጋ ምን አድርጎ ነው እዚያ የደረሰው? እኔስ ስንቱን ብር ዕቃ ላድርገው?» ብለሻል። የሁለቱም መልስ አንድ ነው፤ ዕቃ አታከማቺ።

የስፔኑን የልብስ መደብር ዛራን የመሠረተው ኦርቴጋ እ.ኤ.አ. በ1936 ከባቡር ሠራተኛ ቤት ተወለደ። ትምህርቱን በልጅነቱ ትቶ ስፔን፣ ላ ኮሩኛ ከተማ ሸሚዝ ቤት ተላላኪ ሆኖ ገባ። በ1963 የቤት ውስጥ ጋውን ማምረት ጀመረ፤ የመጀመሪያው ዛራ የተከፈተው ግን በ1975 ነው። ሰው የሚያወራው ስለ ሀብቱ ነው፤ ላንቺ የሚጠቅምሽ አሠራሩ ነው። ከአንድ ሞዴል ጥቂት ይመረታል፣ ሱቆቹ በሳምንት ሁለት ጊዜ ዕቃ ይደርሳቸዋል፣ ደንበኛ የገዛውም ጠይቆ ያጣውም ወደ አምራቹ ይነገራል።

አንቺ ፋብሪካ የለሽም፤ መርካቶ ግን ቅርብሽ ነው። መጋዘንሽ እሱ ይሁን። ኪራይና መደርደሪያ ተከፍሎ ከሚተርፈው ግማሹን ብቻ ዕቃ አድርጊው፤ ሌላው ግማሽ የተሸጠውን ለመተካት እጅሽ ላይ ይቆይ።

ለምን መሰለሽ? ለምሳሌ አንድ ደርዘን ሱሪ እያንዳንዱን በ900 ብር ገዛሽ፣ 10,800 ብር ወጣ። በ1,400 ስትሸጪ 8ቱ 11,200 ያመጣሉ፤ ወረትሽ ገና መመለሱ ነው። ከ6,000 ብር ትርፍ ውስጥ 5,600ው ያለው በቀሩት 4 ሱሪዎች ላይ ነው። እነሱ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ በጣም ትንሹና በጣም ትልቁ ሳይዝ ናቸው፣ መሀሉ ቀድሞ ያልቃልና። ስለዚህ ደርዘን ስትወስጂ ሳይዙን ቁጠሪ፤ ከቻልሽ ከሌላ ነጋዴ ጋር ተካፍለሽ ጫፍ ጫፉን ቀንሺ። ዋጋው በተጻፈበት ወረቀት ላይ የገባበትን ቀን ጻፊ፤ አራት ሳምንት ያለፈውን ቅናሽ አድርጊበት። 4ቱን በ1,000 ብር ብትሸጫቸው እንኳ ከደርዘኑ 4,400 ብር ይተርፍሻል። እየጠበቅሽ ብታቆያቸው ግን ብሩ ታስሮ ይቀራል፣ ቀለሙም መስኮት ላይ ይለቃል።

ማታ ማታ ደብተር ያዢ፦ ሞዴል፣ ሳይዝ፣ የተሸጠበት ቀን፣ እና «ተጠይቆ የጠፋ»። የመጨረሻውን አብዛኛው ሱቅ አይጽፈውም፤ የሚቀጥለውን ግዢ የሚወስንልሽ ግን እሱ ነው።

ወቅቱንም እይ። የሠርግ ቀሚስ ሁዳዴ ሲገባ ይቆማል፣ ከፋሲካ በኋላ ነው የሚነሳው። የበዓል ዕቃ በዋዜማው ሳምንት አትግዢ፤ ጅምላውም ዋጋ ይጨምራል፣ የተረፈሽም በማግስቱ ፈላጊ የለውም።

ዋጋ ስታወጪ የገዛሽበትን ብቻ ሳይሆን ዛሬ መልሰሽ የምትገዢበትን ጠይቂ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የምንዛሪ ተመኑ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ በድሮው ዋጋ የሸጠ ሱቅ በሰበሰበው ብር ያንኑ ያህል ዕቃ መተካት አልቻለም።

ከላይ ያለው ስሌት ቫት የለበትም። ተመዝጋቢ ከሆንሽ ከ1,400 ብር ውስጥ 183 ያህሉ የመንግሥት ነው፤ በ900 ብር ያለደረሰኝ ከገዛሽ ከአንዱ ሱሪ የሚቀርሽ 317 ብር ገደማ ነው። ያው 900 ብር ቫት ያለው ደረሰኝ ካለው ግን የከፈልሽው ይቀነስልሻል፣ ትርፍሽም ወደ 435 ይወጣል። ደረሰኝ የማይሰጥ ጅምላ ነጋዴ 50 ብር ቢቀንስልሽ እንኳ አትሸወጂ።

ቤቱን በተመለከተ፣ ፒያሳ በ2016 በኮሪደር ልማት ምክንያት ብዙ ሱቅ የፈረሰበት ሰፈር ነው። የቁልፍ ከመክፈልሽ በፊት አራዳ ክፍለ ከተማ ሄደሽ ሕንፃው በፕላን ውስጥ ምን እንደሆነ አጣሪ፣ ውሉ ላይም ቤቱ ቢፈርስ ቅድሚያ የከፈልሽው ኪራይ እንዲመለስ አስጽፊ።