«ቤተ ክርስቲያናችሁ የአውጣኪ ተከታይ ናት» ላለኝ ምን ልመልስ?

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን ሰነበቱ? የምጽፍልዎ ከቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ነው። በሰርቪስ ወደ ሥራ ስንሄድ አንድ ባልደረባዬ «ቤተ ክርስቲያናችሁ በኬልቄዶን ጉባኤ የተወገዘውን የአውጣኪን ትምህርት ትከተላለች» አለኝ፤ መልስ አጣሁ። የቤተ ክርስቲያንን ታሪክ ላጥና ብልም የጉባኤዎቹ ክርክር እምነቴን እንዳያናውጠው ፈራሁ። ምን ይመክሩኛል?

መልስ፦ ውድ እኅታችን፣ ባልደረባዎ የተናገረው ስሕተት ነው፤ ይህንም ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያስፈልግዎትም። ከቅዱስ ቁርባን በፊት ካህኑ «አአምን አአምን አአምን» ብሎ በሚያሰማው ጸሎት፣ ጌታችን ከእመቤታችን የነሣውን ሥጋ ያለ መቀላቀል፣ ያለ መለወጥ፣ ያለ መለየት ከመለኮቱ ጋር አንድ እንዳደረገው፣ መለኮቱም ከትስብእቱ (ከሰውነቱ) የዐይን ጥቅሻ ያህል እንኳ እንዳልተለየ እንመሰክራለን። የቁስጥንጥንያው መነኩሴ አውጣኪ የተወገዘው የጌታ ሥጋ እንደ እኛ ሥጋ መሆኑን አጥርቶ ለመመስከር በማቅማማቱ ነው። በየቅዳሴው «ያለ መለወጥ» የምትል ቤተ ክርስቲያን ትስብእት በመለኮት ተውጦ ጠፋ ልትል አትችልም፤ አውጣኪንም እኛ ራሳችን እናወግዘዋለን።

«አንድ ባሕርይ» ስንል የእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ቅዱስ ቄርሎስ እንዳስተማረው ሥጋ የሆነው የእግዚአብሔር ቃል አንድ ባሕርይ ማለታችን ነው። ከደብራችን ቁልቁል ማረሻ የሚቀጠቅጥ ባለሙያ አለ፤ አንድ ቀን ቆም ብለው ይመልከቱት። ወናፉ ሲነፋ ብረቱ ይግላል፣ ያበራል፣ የነካውንም ያቃጥላል፤ ነገር ግን ብረትነቱን አልለቀቀም፣ እሳቱም ብረት አልሆነም። መዶሻው ሲያርፍበት የሚቀጠቀጠው ብረቱ ነው፤ እሳቱ ከብረቱ ባይለይም አይቈስልም። አባቶቻችን ምሥጢረ ተዋሕዶን በጋለ ብረት የመሰሉት ስለዚህ ነው። ምሳሌ ሁሉ ጎደሎ መሆኑን ግን አይርሱ፤ ለምሥጢሩ መግቢያ በር ነው እንጂ ልክ አይሆነውም።

ወደ ታሪኩ ስንመጣ፣ ባልደረባዎን ያሳሳተው ምን እንደ ሆነ መረዳት አያዳግትም። በ449 ዓ.ም. (በአውሮፓውያን አቆጣጠር) በኤፌሶን በተደረገው ጉባኤ የእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ቅዱስ ዲዮስቆሮስ ሊቀ መንበር ሆኖ አውጣኪን ተቀብሎታል፤ የተቀበለው ግን አውጣኪ የቀናች እምነትን የሚመሰክር ጽሑፍ ስላቀረበ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ንጉሡ መርቅያን ባስጠራው የኬልቄዶን ጉባኤ ላይ ዲዮስቆሮስ ስለዚሁ ሲጠየቅ፣ አውጣኪ ከቤተ ክርስቲያን ትምህርት ወጥቶ ከሆነ ቅጣት ብቻ ሳይሆን እሳት እንደሚገባው፣ እርሱ የሚጨነቀውም ለሃይማኖት እንጂ ለሰው እንዳልሆነ በግልጽ ተናግሯል። ይህ በራሱ በጉባኤው መዝገብ ተጽፎ ይገኛል። ከዚያም በላይ የቁስጥንጥንያው ሊቀ ጳጳስ አናቶሊዮስ፣ ዲዮስቆሮስ የተሻረው በሃይማኖት ምክንያት ሳይሆን ተጠርቶ ባለመቅረቡ መሆኑን በዚያው ጉባኤ መስክሯል። ለባልደረባዎ ይህን በትሕትና ቢያስረዱት ይበቃዋል ብዬ አምናለሁ።

አባቶቻችን ኬልቄዶንን ያልተቀበሉት ጌታን ከተዋሕዶ በኋላ «በሁለት ባሕርይ» የሚለው አነጋገር አንዱን ጌታ ለሁለት ይከፍላል ተብሎ የተወገዘውን የንስጥሮስን ክፍፍል የሚመልስ ሆኖ ስለ ታያቸው ነው። በጉባኤው ዙሪያ የሊቃነ ጳጳሳት መናብርት የክብር ፉክክርና የቤተ መንግሥት እጅ እንደ ነበረም አንክድም። ይህን ማወቅ እምነትን አያናውጥም፤ የሚያናውጠው ግማሹን ሰምቶ መቅረት ነው። በ1957 ዓ.ም. (በእኛ አቆጣጠር) እዚሁ አዲስ አበባ ላይ የግብፅ፣ የሶርያ፣ የአርመን፣ የህንድና የኢትዮጵያ አብያተ ክርስቲያናት አባቶች በአንድነት ሲሰበሰቡም የተገናኙት በዚሁ እምነት ነው፤ ብቻችንን የቆምን አይደለንም።

ስለ ጥናቱ ከጠየቁኝ፣ በስልክ ከሚተላለፉ የክርክር ቪዲዮዎች አይጀምሩ። መጀመሪያ ግእዙና አማርኛው ጎን ለጎን የታተመበትን መጽሐፈ ቅዳሴ፣ ቀጥሎ የአባቶችን የእምነት ምስክርነት የያዘውን ሃይማኖተ አበውን በዝግታ ያንብቡ፤ ያልገባዎትን ሳያልፉ ምልክት አድርገው መምህር ይጠይቁ። ዓመተ ምሕረቶቹ በሰባት ወይም በስምንት ቢለያዩብዎት አይደናገሩ፤ የአቆጣጠር ልዩነት ነው። የፊታችን እሑድ ከቅዳሴ በኋላ መጽሐፉን ይዘው ወደ ሰንበት ትምህርት ቤቱ አዳራሽ ቢመጡ፣ «አአምን» የሚለውን ገጽ ቃል በቃል አብረን እናነበዋለን።