ደረሰኝ ላይ «ጉርሻ 10%» ይጻፋል?

ጥያቄ፦ ደሴ ውስጥ ምግብ ቤት አለን። ሒሳብ ላይ የምንጨምረውን 10 በመቶ በደረሰኙ «ጉርሻ» ብንለው ያስኬዳል ወይስ «ቲፕ» ይሻላል?

መልስ፦ ሁለቱንም ተዉት። ደረሰኝ ላይ የታተመው «የአገልግሎት ክፍያ» ነው። የ400 ብር ምግብ 10 በመቶ ሲጨመርበት 440 ይሆናል፤ በዚያ ላይ 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስ ሲታሰብ 506። እዚህ ድረስ ጉርሻ የለም። ደንበኛው 520 አውጥቶ «መልሱ ይቅር» ካለ፣ 14ቷ ብር ጉርሻ ናት። 10 በመቶውን «ጉርሻ» ካላችሁት ሰውየው የሰጠ መስሎት ይወጣል፤ አስተናጋጇም እጇ ባዶ ይቀራል።

በአመሠራረት ግን «ክፍያ» እና «ጉርሻ» ወንድማማች ናቸው። ከግሱ መጨረሻ «ያ» ትገባና ከፊቷ ያለውን ድምፅ ትለውጠዋለች፦ ከፈለ፣ ክፍልያ፣ ክፍያ፤ ጎረሰ፣ ጉርስያ፣ ጉርሻ፤ መረጠ፣ ምርጥያ፣ ምርጫ። «ድርሻ»ም ከ«ደረሰ» የወጣው በዚሁ መንገድ ነው።

«ጉርሻ» የሚለው ስም ከገበታ ወደ ኪስ ሲሻገር ግሱ አልተከተለውም። አስተናጋጅን «ጉርሻ ሰጠኋት» እንጂ «አጎረስኳት» አይባልም። ቢባል ሰሚው የሚያስበው እንጀራ ነው፤ የጎረሰው ሹም ከሆነ ደግሞ ጉቦ። «አንድ ጉርሻ ያጣላል»ም ለገበታው ብቻ ነው፤ በአንድ ጉርሻ የሚጣላ አስተናጋጅ የለም።

ከ«ምርቃት» ጋርም አይምታታ። ባቲ ሰኞ ገበያ በርበሬ ተሰፍሮ ካለቀ በኋላ «መርቂልኝ» ሲባል ሻጯ በእፍኝ የምትጨምረው ምርቃት ነው፤ ከሻጭ ወደ ገዢ ይሄዳል። ጉርሻ አቅጣጫው ተቃራኒ ነው።

«ቲፕ» በንግግር ለምዷል፤ አልነቅፈውም። «ፈጣን አገልግሎት ለማረጋገጥ» ከሚሉ የእንግሊዝኛ ቃላት የመጀመሪያ ፊደላት ተገጣጠመ የሚባለው ግን ተረት ነው። ቃሉ በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መባቻ በዚህ ትርጉም ይሠራበት ነበር፤ በፊደላት ቃል መግጠም ደግሞ የዚያ ዘመን ልማድ አይደለም። ፈረንሳዮች «ፑርቧር»፣ ጀርመኖች «ትሪንክጌልት» ይሉታል፤ ሁለቱም «ለመጠጥ» እንደማለት ናቸው። የእኛው «ለሻይ» ቢመስላቸውም ጠረኑ ሌላ ነው። ካፌ ውስጥ ጉርሻ የሆነው «ለሻይ» ቢሮ ሲገባ ጉቦ ይሆናል፤ ስለዚህ እሱንም ደረሰኝ ላይ አታስገቡት።